ሰበቲ ናኒ የበላችው ዓሣ

ምስጢር የሚደብቅበት ያጣ ሰው ካለ ይስማኝ። ሣጥን አይግዛ፣ ጉድጓድም አይቆፍር። ምስጢሩን በኦዲያ ቋንቋ አጭር ልቦለድ አድርጎ ይጻፍና ለዱርጋ በዓል ልዩ እትም ይላከው። ይታተማል፣ በየሱቁ ይሰቀላል፣ ሰው ይገዛዋል። ከዚያ በኋላ ዓለም እስክታልፍ ማንም አያገኘውም። ይህን ዘዴ የተማርኩት ከጎረቤቴ ከባይዳር ሌንካ ነው። ዘዴው ለሃያ ዓመት ሠርቶለታል። የከሸፈበት ቀን ደግሞ እኔም እዚያው ነበርኩ፤ እጄም አለበት።

እኔ ኩንጃ እባላለሁ፤ የኩሱምፑር ከተማ ፊደል ለቃሚ ነኝ። ያን ጊዜ ኮምፒውተር ካታክ ገባ ይባላል እንጂ እኛ ዘንድ አልደረሰም። የሠርግ ካርድ፣ የሙት ዓመት ጥሪ፣ የሱቅ ደረሰኝ፣ ሁሉንም የብረት ፊደል አንድ በአንድ በእጄ እየለቀምኩ አትማለሁ። ባይዳር ደግሞ ፖስታ ቤት ደብዳቤ ሲለይ ሠላሳ አራት ዓመት የኖረ ሰው ነው። ቀጭን፣ ዝናብ ኖረም አልኖረ ጃንጥላ ከእጁ የማይለይ፣ ሲናገር ወደ ጫማው የሚያይ።

ይህ ሰው በየዓመቱ የመጀመሪያው ዝናብ ሲጥል አንድ የተማሪ ደብተር ይገዛል። ደብተሩ ሲያልቅ ታሪኩም ያልቃል፤ አንድ ገጽ አይተርፍ፣ አንድ ገጽ አይጎድል። በዚህ ዓይነት ሠላሳ አንድ ታሪክ ጽፏል። መጽሔቱ በታተመ ቁጥር ሁለት ቅጂ ይልኩለታል። አንዱን በጨርቅ ጠቅልሎ ቤቱ ያስቀምጣል፣ ሁለተኛውን ለእኔ ያመጣል።

«ኩንጃ፣ አንብበህ ንገረኝ» ይለኛል።

እኔም ሦስት ቀን አሳልፌ፣ ዐይኔን በጨው አጥቤ፣ «ወንድሜ፣ መጨረሻው ልቤን ነካው!» እለዋለሁ። መጨረሻ የሌለው ታሪክ ስለሌለ አንድም ቀን ተይዤ አላውቅም። መጽሔቱ ግን ከእኔ ቤት በቀጥታ ወደ ሩዝ ፈንዲሻ ሻጩ ይሄዳል፤ ለመጠቅለያ። አንድ ቀን ባይዳር ፈንዲሻ ሲገዛ በራሱ ታሪክ ተጠቅልሎ ሰጡት። ፈንዲሻውን ረስቶ ቆሞ አነበበውና ሻጩን፣ «ቀጣዩ ገጽ የት አለ?» አለው። ሻጩ፣ «ቅድም አንድ ፖሊስ ይዞት ሄደ» አለው። ባይዳር ቅር አላለውም። «ቢያንስ ሰው እጅ ገባ» ብሎኝ ስቆ ሄደ።

አሁን ስለ እህቱ ልንገራችሁ። ሰበቲን የከተማው ሰው ሁሉ፣ ትንሹም ትልቁም፣ ናኒ ይላታል፤ የሁሉ ታላቅ እህት ናትና። በአሥራ ስድስት ዓመቷ ተድራ በአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ባሏ ሞተባት። አምባሯን ሰባብረው፣ ነጭ ልብስ አልብሰው ወደ አባቷ ቤት መለሷት። እናታቸው ወዲያው ሞተች፤ ባይዳርን አዝላ ያሳደገችው ሰበቲ ናት። እንግዲህ የደህና ቤት መበለት እኛ ዘንድ ዓሣ አትቀምስም። ዓሣ የሌለበት ምሳ እንደ በሽታ በሚቆጠርበት አገር ሃምሳ ሰባት ዓመት ሙሉ ለወንድሟ ዓሣ እየጠበሰች፣ እሷ ምስር ስትበላ ኖራለች።

ምላሷ ግን አልጾመም። ሥጋ ሻጩ እንኳ እሷ ስታልፍ ሚዛኑን ያስተካክላል።

በካርቲክ፣ በጾም ወራችን፣ የከተማው መበለቶች ሁሉ ይሰበሰቡና በቀን አንዴ ብቻ ይበላሉ፤ ሽንኩርት የለ፣ ዘይት የለ። የእነሱ አለቃ ሰበቲ ናት። በተለይ በመጨረሻዎቹ አምስት ቀናት ዓሣ መብላት ቀርቶ ስሙንም የሚጠራ የለም። ዓሣ በሊታዋ ወፍ ሳቢሳ እንኳ በነዚያ ቀናት ዓሣ አትነካም ይባላል። እኔ ስትበላ አይቻታለሁ፤ ግን በሳቢሳ ላይ የሚመሰክር ማነው? ከአምስቱ ቀናት በኋላ ሙሉ ጨረቃ የምትገባበት ንጋት ላይ ሁላችንም ቦዩ ዳር እንወርድና ከሙዝ ግንድ ቅርፊት የተሠራች ትንሽ ጀልባ መብራት አድርገን ውሃው ላይ እንለቃለን። የመጀመሪያዋን መብራት የምታበራው ሰበቲ ናኒ ናት። እሷ ሳታበራ ሚኒስትር ቢመጣ ክብሪት አይጭርም። ሃያ ስድስት ዓመት እንዲህ ኖረች። ከጀርባዋ ደግሞ ማሊ ማውሲ የምትባል ሌላ መበለት፣ ክብሪቷን በእጇ ጨብጣ፣ ሃያ ስድስት ዓመት ቆማለች።

እንግዲህ አንድ ቀን ባይዳር ደብዳቤውን በሁለት እጁ፣ ትኩስ ድስት እንደያዘ ሰው፣ ይዞ ማተሚያ ቤቴ ገባ።

«ኩንጃ፣ ከቡባኔስዋር ነው። ኢፕሲታ የሚባሉ የዩኒቨርሲቲ መምህር የኦዲያ ታሪኮችን ወደ እንግሊዝኛ እየመለሱ ነው። የእኔን አንዱን መርጠውታል።»

«እንግሊዝኛ?» አልኩ። ከወንበሬ ተነሣሁ፤ ለምን እንደተነሣሁ አላውቅም። «የትኛውን?»

«የመበለቷን። ከሃያ ዓመት በፊት የጻፍኩትን። አንብበኸው የለ?»

«እንዴ! እሱማ! መጨረሻው!» አልኩ።

ቀና ብሎ ዐይኔን አየኝ፤ ባይዳር ሰው ዐይን አያይም ነበር። ትከሻዬን ነካ አድርጎኝ ወጣ። ያን ጊዜ ምን ማለቱ እንደሆነ አልገባኝም።

ከሁለት ወር በኋላ ሁለተኛ ደብዳቤ መጣ። ይሄኛውን እኔው ፊት አነበበው። «ታሪክዎ እጅግ ውብ ነው» ይላል፤ «ሆኖም መበለቲቱ ያንን ነገር ካደረገች በኋላ ምንም አይደርስባትም። የውጭ አንባቢ ይህን አይረዳም። ወንዝ ገብታ ብትሞት ታሪኩ የበለጠ ይከብዳል። ፈቃድዎን በፊርማዎ ይግለጹልን።»

ባይዳር የጃንጥላውን እጀታ ማኘክ ጀመረ። «አልሞተችም እኮ» አለ።

እኔ ደግሞ መካሪ ነኝ አይደል! «አንተ ሰውዬ፣ ከማን ጋር ነው የምትጣላው? የወረቀት ሴት ናት፤ ትሙት! እንግሊዝኛ ነው እኮ! ሠላሳ አንድ ታሪክ ጽፈህ ማን አነበበህ? ፈንዲሻ ሻጩ ነው? አንዲት ሴት ሞታ ዓለም ሁሉ የሚያነብህ ከሆነ ምን ከፋህ?»

«አንዴ እንኳ ሰው ቢያነበኝ ደስ ይለኛል» አለ በቀስታ። «ከመሞቴ በፊት አንዴ።»

እስክሪብቶውን ያቀበልኩት እኔ ነኝ። ፈረመ።

መጽሐፉ መጣ። ሽፋኑ ላይ ነጭ ለብሳ የምታለቅስ ሴት አለች፤ ፊቷ የቦምቤ ተዋናይት ይመስላል። ከዚያማ ጉድ ፈላ! ፖስታ ቤት ሲሠራ «አንተ፣ ቴምብር ስጠኝ» ይሉት የነበሩ ሰዎች «ባይዳር ባቡ» ማለት ጀመሩ። የሥነ ጽሑፍ ወዳጆች ማኅበር ሊቀመንበር ናኩላ ባቡ አበባ ጉንጉን ይዞ ከች አለ። ናኩላ ባቡ ሲሚንቶ ነጋዴ ነው። ሲሚንቶ ከረጢት ላይ ከተጻፈው ሌላ ሲያነብ አይቼው አላውቅም።

«የኩሱምፑር ብርሃን!» አለ ባይዳርን አቅፎ። «ከተማችንን አስጠሩልን! እንዴት ያለ ሥራ ነው እባክዎ!»

«አነበቡት?» አለው ባይዳር። ድምፁ ተንቀጠቀጠ፤ እኔ ከደስታ መስሎኝ ነበር።

«እንግሊዝኛ ነው እኮ ባቡ! ምኑ ይነበባል? በደፈናው ግሩም ነው።»

ወዲያው የማኅበሩ ኮሚቴ የክብር ስብሰባ ጠራ። ታሪኩ በድምፅ ማጉያ ለሕዝብ ይነበባል ተባለ። ቀኑ መቼ ይሁን? ድምፅ ማጉያው ለሙሉ ጨረቃ በዓል ስለሚተከል፣ እዚያው በተተከለበት፣ ከበዓሉ በፊት ባለው ቀን ከሰዓት በኋላ። ማን ይምጣ? ጿሚዎቹ መበለቶች ዘወትር በዚያ ሰዓት አደባባዩ ላይ ስለሚሰበሰቡ እነሱን ፊት ለፊት ማስቀመጥ ነው፤ ወንበር ይሞላል። ከኮሚቴው አሥራ አንድ ሰዎች አንዱ እንኳ ታሪኩ ውስጥ ምን እንዳለ አያውቅም። የዓሣ ስም በማይጠራበት ቀን፣ ዓሣ በማይነኩ ሴቶች ፊት፣ ስለ ዓሣ ሊያስነብቡ ተስማምተው ሻይ ጠጥተው ተለያዩ።

«እንግዲህ የኦዲያውን ዋናውን ይስጡን» አለው ናኩላ ባቡ ሲወጡ ባይዳርን።

የባይዳር ፊት አመድ መሰለ። «ምስጥ በላው» አለ።

«ሁሉንም ቅጂ?»

«ሁሉንም።»

«ችግር የለም! የወንድሜ ልጅ ኮሌጅ ነው፤ እንግሊዝኛውን ወደ ኦዲያ ይመልሰዋል።»

በኦዲያ የተጻፈ ታሪክ ወደ ኦዲያ ሊተረጎም ነው ማለት ነው። ማንም አልሳቀም። እኔም አልሳቅሁም፤ በስብሰባው ለሚታደለው በራሪ ጽሑፍ ታሪኩን የማትመው እኔ ስለሆንኩ ሥራ አገኘሁ ብዬ ደስ አለኝ።

የወንድሙ ልጅ ጽፎ አመጣልኝ። ፊደል ለቃሚ ሰው ሳይወድ በግድ ያነባል፤ እያንዳንዷን ፊደል በጣቱ መንካት አለበትና። እንዲህ ሆኜ በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ የባይዳርን ታሪክ አነበብኩ። ምኑ ቅጡ! ውሃ ውስጥ ያደረ ሩዛችን፣ ፓካላችን፣ «ቀዝቃዛ የሩዝ ሾርባ» ሆኗል። ቦያችን «ሰፊው ወንዝ» ሆኗል። መበለቲቱ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አንድ ቃል አትናገርም፤ ታለቅሳለች፣ ሰማይ ታያለች፣ ታለቅሳለች። እየሳቅሁ እለቅም ነበር።

ታሪኩ ይህ ነው። የዘጠኝ ዓመት ልጅ በካርቲክ የመጨረሻ አምስት ቀናት፣ ከዓሣ አጥማጆቹ ምድጃ አንድ የተጠበሰ ዓሣ ሰርቆ ሸሚዙ ውስጥ ደብቆ ይመጣል። መበለት እህቱ ትይዘዋለች። ልትጥለው ትቀማዋለች። ከዚያ ከላም በረቱ ኋላ፣ ከጎባጣው የዘይቱን ዛፍ ሥር ትቀመጥና ራሷ ትበላዋለች። ግራ እጇ አንጓ ላይ የቃጠሎ ጠባሳ አላት።

እጄ ቆመ። ጎባጣ ዘይቱን በኩሱምፑር ውስጥ አንድ ብቻ ነው። ጠባሳውንም ሃምሳ ዓመት አውቀዋለሁ፤ ጨው ልበደር በሄድኩ ቁጥር የሚሰጠኝ ያ እጅ ነው።

ያን ጊዜ ባይዳር በሩ ላይ ቆሞ ነበር። ፊደሉን ይዤ መቆሜን አየ።

«ዓሣውን ለውጠው» አለኝ። «ኩንጃ፣ በአምላካችን በጃጋናት፣ ሌላ ነገር አድርገው። ሙዝ አድርገው።»

«ሙዝ? መበለት ሙዝ በላሁ ብላ ወንዝ ትገባለች? ሰው ምን ይለናል?»

«ታዲያ ምን ይሻላል?»

«እኔ ብለውጠውስ ምን ዋጋ አለው? ልጁ የሚያነበው ከራሱ ወረቀት ነው። ግን አንተ ሰው፣ ምን ሆነህ ነው የጻፍከው? ስትበላ አይተህ ዝም አትልም ነበር?»

የወረቀት ሣጥን ላይ ተቀመጠ። «‹ስሞት ቅበረኝ፣ ለማንም እንዳትናገር› ብላኝ ነበር። አልተናገርኩም። ሚስቴ እንኳ ሳታውቅ ሞተች። ግን ኩንጃ፣ ያ ቀን በሕይወቴ ያየሁት ትልቁ ነገር ነው። ሌላው ሠላሳ ታሪክ ፈጠራ ነው፤ እሱ ብቻ ነው እውነት። ሆዴ ውስጥ ሊቀር አልቻለም። ማንም እንደማያነበኝ አውቃለሁ፤ ስለዚህ ጻፍኩት።» ቀና አለ። «አንተ ብቻ ታነበኛለህ ብዬ ነበር። ሃያ ዓመት እያወቅህ፣ እሷን በየቀኑ እያየህ፣ ትንፍሽ ሳትል ኖርክ ብዬ እኮ ነው እንደ ወንድሜ የወደድኩህ።»

መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ። ውሸቴን ያወቀው አሁን፣ ፊደሉ በእጄ ላይ እያለ ነው። አፈርኩ። ዛሬም ሳስታውሰው አፍራለሁ።

«ሂድና ራስህ ንገራት» አልኩት። «ከድምፅ ማጉያ ከምትሰማ ከአፍህ ትስማ።»

ሄደ። ከሰዓት በኋላ ተመለሰ።

«ምን አለችህ?»

«‹ምሳ በልተሃል?› አለችኝ።»

«አንተስ?»

«በላሁ አልኳት።»

የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች ማለት ይሄው ነው። እንግሊዝኛ አገኘ፤ እህቱን ሊያጣ ነው።

ቀኑ ደረሰ። ሰበቲ ናኒ ከሁሉ ፊት፣ መሃል ወንበር ላይ፣ ነጭ ልብሷን አጥባ፣ ጀርባዋን ቀጥ አድርጋ ተቀምጣለች። ስለ ወንድሟ ያላት ኩራት! ለሰው ሁሉ፣ «የኔ ልጅ ነው፤ አፍንጫውን የጠረግሁት እኔ ነኝ» ትላለች። ከጎኗ ማሊ ማውሲ አለች። ባይዳር መድረኩ ላይ አበባ ተጭኖበት ጫማውን ያያል።

የናኩላ ባቡ የወንድም ልጅ ማንበብ ጀመረ። ሦስተኛው አንቀጽ ላይ «ዓሣ» አለ። መበለቶቹ እንደ አንድ ሰው ልብሳቸውን ወደ ራሳቸው ሳቡ። ልጁ ልብ አላለም። ድምፅ ማጉያው ያንን ቃል አሥራ ሰባት ጊዜ ጠራው፤ ቆጥሬዋለሁ፤ ከቦዩ ማዶ ድረስ ይሰማ ነበር። ናኩላ ባቡ እንቅልፍ ወስዶት ነበርና በየመሃሉ ነቅቶ «ግሩም!» ይላል። ጎባጣው ዘይቱን ላይ ሲደርስ ማሊ ማውሲ ጮክ ብላ፣ «ይሄ ዛፍ የማን ጓሮ ነበር ያለው?» አለች። ጠባሳው ላይ ሲደርስ ጥያቄ አላስፈለገም። ሁሉም ሰው የሰበቲን እጅ አየ። እሷ እጇን አልደበቀችም። ጉልበቷ ላይ እንደተዘረጋ ተወችው።

«...መበለቲቱም እንባዋን እያፈሰሰች ወደ ሰፊው ወንዝ ገባች፤ ጥልቁም ውሃ ዋጣት» ብሎ ልጁ ጨረሰ። ናኩላ ባቡ ብቻውን አጨበጨበ።

ሰበቲ ናኒ ተነሣች።

«በየትኛው ወንዝ ነው የሰጠምኩት?» አለች።

ልጁ ወረቀቱን ገለበጠ።

«ልጄ፣ አንተን ነው። በየትኛው ወንዝ? ቦዩ እስከ ጉልበቴ ነው! ጎሽ እንኳ አይሰጥምበትም፤ እኔ በምን ብልሃት ሰጠምኩ?» ወደ ማሊ ማውሲ ዞረች። «አዎ፣ በልቻለሁ። ምን ታፈጥጪብኛለሽ? የሃያ አራት ዓመት ልጅ ነበርኩ። ትልቅ የወንዝ ዓሣም አልነበረም፤ ጣቴን የማታህል ደረቅ ዓሣ ናት። ከነጭንቅላቷ፣ ከነአጥንቷ፣ በፓካላ፣ በአረንጓዴ ቃሪያ። ሾርባ አይደለም! ሾርባ ብሎ የጻፈው ማነው? አፉን ይቁረጠው! ደግሞስ ማነው አለቀሰች ያለው? እኔ አላለቀስኩም። ሳቅሁ! ጣቴን ልሼ ሳቅሁ፤ ይሄ ልጅ ፊቴ ቁጭ ብሎ አብሮኝ ሳቀ!»

ከዚያ ወደ መድረኩ ቀና አለች። ድምፅዋ ወረደ፤ እኔ ግን ፊት ስለነበርኩ ሰማሁ።

«ባይዳር፣ መብላቴን ጻፍክ፤ ይሁን፣ እውነት ነው። ግን የገደልከኝ ለማን ብለህ ነው?»

ባይዳር አንገቱ ላይ ያለውን አበባ አወለቀ። «ናኒ... እንግሊዝኛ ነበር» አለ።

«አይ አንተ» አለች። ልብሷን ሰብስባ ብቻዋን ወደ ቤቷ ሄደች። ልከተላት አሰብኩ፤ በምን ፊቴ?

በማግስቱ ንጋት ላይ ሁሉም ቦዩ ዳር ወረደ። አትመጣም ብለን ነበር፤ መጣች። የሙዝ ቅርፊት ጀልባዋን ይዛ ወደ ፊት ስትሄድ ሴቶቹ አልተሳደቡ፣ አልገፈተሯት፤ ትከሻ ለትከሻ ገጥመው ቆሙ፣ በቃ። መንገድ የሚለቅላት ጠፋ። ትንሽ ቆማ አየቻቸው። ከዚያ ዞራ ከሰልፉ መጨረሻ፣ ከእኛ ከወንዶቹ ኋላ ቆመች። ማሊ ማውሲ ክብሪቷን አወጣች። ሃያ ስድስት ዓመት የጠበቀችው ቀን ነው፤ ሦስት እንጨት ጨረሰች። በአራተኛው በራላት። ከዚያ የሁላችንም ጀልባ ሄደ። የሰበቲ ናኒ መጨረሻ ሄደች፤ ያኔ ፀሐይ ወጥታ ስለነበር መብራቷ አይታይም። ባይዳር ከጎኗ ቆሞ ጃንጥላውን ዘረጋላት፤ «እጠፈው፣ ዝናብ የለም» አለችው። ከስብሰባው በኋላ ያናገረችው የመጀመሪያ ቃል ነው።

ከሙሉ ጨረቃ ማግስት ፍስክ ነው። ከተማው ሁሉ ወር ሙሉ የጾመውን በአንድ ጠዋት ሊበላ ዓሣ ገበያ ይወርዳል፤ መተላለፊያ የለም፣ ክርን ብቻ ነው። ወረፋው ውስጥ ባይዳርን አገኘሁት። ትልልቁን ዓሣ ሁሉ አልፎ ጥግ ላይ ከተቀመጠችው ደረቅ ዓሣ ሻጭ ፊት ቆሟል።

«ማን ሊበላው ነው?» አልኩት።

«ናኒ ናት ያዘዘችኝ» አለኝ። «‹ከዚያችው ዓይነት› አለችኝ።»

ተከትዬው ሄድኩ፤ ጠርቶኝ አይደለም። ሰበቲ ናኒ ራሷ ጠበሰችው። ሽታው መንገዱን ሞላው። ሳህኗን አንስታ ወደ ጓሮ፣ ወደ በረቱ ኋላ የምትሄድ መስሎኝ ነበር። እሷ ግን ወደ ፊት ወጥታ፣ መንገዱ ዳር ካለው በረንዳ ላይ፣ ሰው ሁሉ በሚያልፍበት ተቀመጠች። ፓካላ፣ አረንጓዴ ቃሪያ፣ አንዲት ደረቅ ዓሣ። ሰው ያልፋል፣ ያያል፣ ፊቱን ያዞራል። ማሊ ማውሲም አለፈች፤ ልብሷን አፍንጫዋ ላይ አድርጋ፣ ግን ቀስ ብላ ነው ያለፈችው።

«ደብተርህን አምጣ» አለችው ወንድሟን።

«ናኒ፣ ከእንግዲህ አልጽፍም።»

«አምጣ ብያለሁ! ያኛውን ምስጥ በላው ብለሃል አይደል? እንደገና ጻፈው። በኛው ቋንቋ። እኔ እነግርሃለሁ። ኩንጃ፣ አንተ ደግሞ ታትመዋለህ፤ ዛሬስ ታነበዋለህ?»

«አነባለሁ ናኒ» አልኩ። አንገቴን ደፋሁ።

ባይዳር እግሯ ሥር ተቀምጦ ደብተሩን ከፈተ። እሷ ዓሣውን አነሣች። ጥርስ ካጣች አሥር ዓመት ሆኗታል፤ በድዷ ይዛ መጠጠችው። ዐይኗን ጨፈነች። ብዙ ጊዜ ቆየች። ስትከፍተው እንባዋ በሁለቱ ጉንጮቿ ላይ ይወርዳል፤ አገጯ ላይ ደርሶ ሳህኑ ውስጥ ይንጠባጠባል፤ አላበሰችውም። ሃምሳ ሁለት ዓመት ያላለቀሰችው ሁሉ ይመስለኛል የወጣው። ባይዳር ብዕሩን ይዞ ቀረ።

«ናኒ...» አለ።

«ቃሪያው ነው» አለች። «ምን ታየኛለህ? ቃሪያው በጣም ያቃጥላል። ጻፍ። ‹ዓሣውን በላች› በል። ጻፍክ? ‹ሳቀች› ብለህ ጻፍ።»

ጻፈው። እኔም በሦስተኛው ቀን የፊደል ሣጥኔ ፊት ቆሜ፣ ዐይኔን እያበስኩ፣ ሳ፣ ቀ፣ ች ብዬ እንዳለችው ለቀምኩት።